አርባኛው ጨርቅ

ሰኞ 4

የእሁዱ ሰልፍ ዝርዝር ዛሬ ሊያልቅ ምንም አልቀረውም። የአስተባባሪዎቹ ሙሉ ስም፣ የቤት ቁጥር፣ ሥራ፣ የሚቆሙበት ማዕዘን። ሕጉ የሚጠይቀው የሦስት ሰው ስም ብቻ ነው። እኛ ግን ሃያ ዓመት ሙሉ፣ ሰልፍ በወጣን ቁጥር፣ የአርባውንም ስም ከአርባ ስምንት ሰዓት በፊት ለፖሊስ ስናስገባ ኖረናል። ጋሼ «ነፃ አገር የሚፈልግ ሰው ስሙን አይደብቅም» ይላሉ። የቀረው ደንባችን ሁሉ ከዚህች ቃል የወጣ ነው።

ጋሼ የምለው የማኅበራችንን ሊቀመንበር ነው። ሙያቸው ሰዓት ጥገና ሆኖ ስብሰባ ላይ አንድም ቀን በሰዓቱ መጥተው አያውቁም። እኔ የአራተኛ ክፍል መምህርት ነኝ። የሰሌዳ ጽሕፈቴ አምሮ ስለታየ የዛሬ አሥራ አንድ ዓመት ጸሐፊ አደረጉኝ። ጸሐፊዋ ሴት ስለሆነች ደግሞ አስተባባሪዎቹ ክንዳቸው ላይ የሚያስሩትን ቢጫ ጨርቅ ማጠቡም፣ መተኮሱም፣ ቆጥሮ መስጠቱም እዚያው ላይ ተደረበልኝ። አልከፋኝም። አርባውም ከእጄ ወጥተው ወደ እጄ ይመለሳሉ።

ሠላሳ ዘጠኝ ስም ሞልቷል። ዳቦ ቤቱ ጋ ያለው ማዕዘን ሰው አላገኘም።

ረቡዕ 6

ግሪስን አርባኛ አድርጌ ዝርዝሩ ላይ ጻፍኩት።

ግሪስ ታናሽ ወንድሜ ነው። ጋራዥ ስለሚሠራ ሰፈሩ ያወጣለት ስም ነው፤ እማዬ ሳትቀር በዚሁ ትጠራዋለች። ከችኩሎቹ ጋር መዋል ከጀመረ ዓመት ሊሞላው ነው። ችኩሎቹ የምንላቸው ከማኅበሩ ተገንጥለው የወጡትን ልጆች ነው። እነሱ ደግሞ እኛን «ማመልከቻዎቹ» ይሉናል። አልተሳሳቱም። ክልላችን ራሱን ችሎ አገር ይሁን ወይስ አይሁን ሕዝቡ ድምፅ ይስጥበት ብለን ለማዕከሉ መንግሥት አርባ ሦስት ደብዳቤ ጽፈናል። የተመለሰልን አንድ ነው፤ «ደብዳቤያችሁ ደርሶናል» የሚል።

እራት ላይ «ዳቦ ቤቱ ጋ ቁምልኝ» አልኩት። ሳቀ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ስለው፣ «ቲቸር፣ ይሄ እንቁላል እኮ ሃያ ዓመቱ ነው፤ አሁን ቢሰበር ሽታው ሰፈሩን ያስለቅቃል» አለኝ። እማዬ ሳትወድ ሳቀች። ከዚያ ፊቷ መልሶ ጭንቀት ሲለብስ እኔም እሱም አየን። «እሺ፣ ካሰኘሽ ጻፊኝ» አለ።

ካሰኘሽ አለ እንጂ እቆማለሁ አላለም። እማዬ ግን በስንት ጊዜዋ ዛሬ ቶሎ እንቅልፍ ወሰዳት።

ዓርብ 8

ጣቢያ አስገባሁ። ተረኛው ፖሊስ ዝርዝሩን አገላብጦ «ለሠርግ ነው እንዴ የምትጠሩን» አለ። ማኅተም። ቅጂ። ሠላሳ ስምንት ደብተር ሳይታረም ይጠብቀኛል።

እሁድ 10፣ ማታ

ዛሬን ሳልጽፍ አልተኛም። እግሬ አብጧል፣ ድምፄ ጠፍቷል፣ ደስ ብሎኛል። ሰው ልጁን ትከሻው ላይ አድርጎ፣ አሮጊት ወንበሯን ተሸክማ ወጣች። አንድ ድንጋይ አልተወረወረም፣ አንድ መስታወት አልተሰበረም። ፖሊሶቹ ጥላ ፈልገው ቁጭ አሉ፤ አንዷማ የሰው ሕፃን አፍንጫ ስትጠርግ አየኋት። «ድምፅ እንስጥ» የሚለው ጩኸት ከአንዱ ጎዳና ተነስቶ ሌላው ጋ ሲደርስ እኔም አብሬ ጮህኩ። ጋሼ እንደተለመደው ዘግይተው መጡ።

እኩለ ቀን ላይ ከድልድዩ ወዲያ ጢስ ታየ። ቆሻሻ እያቃጠሉ ነው ተባለ።

ሰልፉ ሲበተን እንደ ደንባችን ስም መጥሪያውን ይዤ ቆምኩ። አስተባባሪው ይመጣል፣ ጨርቁን ከክንዱ ፈትቶ ቅርጫቴ ውስጥ ይጥላል፣ እኔ ስሙ ላይ ራይት አደርጋለሁ። ግሪስ አልመጣም። ዳቦ ቤቱ ሩቅ ነው፣ ሰው መንገድ ዘግቶበት ይሆናል አልኩ። ጋሼ «ተሟላ?» ብለው ጠየቁኝ፤ ወረቀቱ በዚያው ከሰዓት ጣቢያ መግባት ነበረበት። ክፍሌ ውስጥ አርፍዶ ለሚመጣ ተማሪ እንደማደርገው ራይት አደረግኩለት። ጋሼ «አርባውም አስተባባሪዎች ከቦታቸው ሳይነቃነቁ ውለዋል» ከሚለው ሥር ፈረሙ።

ቤት ስገባ የጢሱ ምንጭ የጉምሩኩ መጋዘን እንደሆነ ሬዲዮ ተናገረ። ከእኛ ጋር የሚያገናኘው ነገር የለም። የት እንደዋልን ፖሊስ ራሱ አይቷል፣ ወረቀትም አለን።

ግሪስ ገና አልገባም።

ሰኞ 11

መጋዘኑ ውስጥ ሰው ነበረ። ዘበኛው። ሁለት እጁና ፊቱ ተቃጥሏል። ይተርፋል ይላሉ።

ጨርቆቹን ለማጠብ ቆጠርኩ። ሠላሳ ዘጠኝ። እንደገና ቆጠርኩ። ቅርጫቱን ገለበጥኩ፣ ቦርሳዬን፣ የኮቴን ኪስ። ሠላሳ ዘጠኝ።

ማክሰኞ 12

ምሳ ሰዓት ላይ መጣ። ቀኝ እጁ እስከ ክርኑ በፋሻ ተጠቅልሏል። «የባትሪ አሲድ ነው» አለ። መካኒክ ነው፣ ባትሪ ይነካል፣ አሲድ ያቃጥላል። እማዬ ማንኪያውን ከግራ እጁ ነጥቃ እንደ ሕፃን አበላችው። እሱም እንደ ሕፃን በላ።

የቃጠሎ ቅባት የገዛሁለት ገበያው ማዶ ካለው ፋርማሲ ነው። የሰፈራችን ዝግ መሰለኝ። ሄጄ አላየሁም እንጂ።

የክንድ ጨርቁን ጠየቅኩት። ኪሱን እንኳ ሳይዳብስ «ጠፋ» አለኝ።

ረቡዕ 13

ዘበኛው ክንዱ ላይ ቢጫ ጨርቅ ያሰረ ሰው አየሁ ብሎ ቃል ሰጥቷል። ፖሊሶችም ከአመዱ መሃል የተቃጠለ ቢጫ ቁራጭ አግኝተዋል። ይህን የነገሩኝ ጋሼ ናቸው፤ በዕረፍት ሰዓት ትምህርት ቤት ድረስ መጡ። ከእኔ ይልቅ የተረጋጉት እሳቸው ነበሩ። ለመርማሪው «አርባ ስም፣ አርባ ራይት፣ አርባ ጨርቅ። ቅዳሜ አርባውንም አምጥቼ ጠረጴዛህ ላይ እደረድርልሃለሁ» ብለውታል። ከዚያ ወደ እኔ ዞረው ታጥበዋል አይደል ብለው ጠየቁኝ። ታጥበዋል አልኩ።

ያኔ መናገር ነበረብኝ። ልጆቹ በኳስ እየጮሁ ነበር፣ ደወሉ ሊደወል ነበር፣ እሳቸውም መነጽራቸውን እየጠረጉ ነበር። ሰበብ ሲፈልጉት አይጠፋም።

ማታ ቁም ሳጥኑ ውስጥ ትራፊ ቢጫ ጨርቅ አገኘሁ። የጎደለን መተካት የጸሐፊ ሥራ ነው። ቆረጥኩት፣ ጠርዙን ሰፋሁት፣ የማኅበሩን ማኅተም መታሁበት። ከሌሎቹ ጋር እንዲመሳሰል ሦስት ጊዜ አጠብኩት፣ አንዱን በበረኪና። ቢጫው አልደበዝዝም አለ።

ሐሙስ 14

መምህራን ክፍል ውስጥ፣ የሒሳብ መምህሩ፦ «ሰዓት ሠሪው ለነፍሱም ቢሆን አይዋሽም።» የሳይንሷ መምህርት፦ «ውሻ በቀደደው ጅብ ይገባል። እነሱ ሰልፍ ባይጠሩ እሳቱም አይኖርም ነበር።» ሻይዬን ሳልጨርስ ወጣሁ።

የፈሩት ይደርሳል የጠሉት ይወርሳል ይባላል። እኔ ግን የምፈራው ነገር የለኝም። ቆጥሬያለሁ፣ አርባ ናቸው።

ቅዳሜ 16

ጋሼ ታሰሩ።

ከመጀመሪያው ልጻፈው። የመርማሪው ቢሮ ጠባብ ነው፤ ሁለት ወንበር፣ አንድ ጠረጴዛ፣ መስኮቱ ላይ የደረቀ አበባ። ጋሼ ጨርቆቹን ራሳቸው ደረደሩ፤ አሥር አሥር፣ በአራት መስመር። እንደ ዕቃ ሻጭ ደስ ብሏቸው ነበር። ሠላሳ ዘጠኙ ከስንት ዓመት ፀሐይና ሳሙና የተነሣ ነጣ ብለዋል። አንዱ ያበራል።

መርማሪው ብዙ አልተናገረም። ጣቱን አዲሱ ላይ አሳርፎ «ይሄኛውስ?» አለ።

ጋሼ ጨርቁን አዩት። ከዚያ እኔን አዩኝ። በአሥራ አንድ ዓመት እንደዚያ አይተውኝ አያውቁም። ሁሉንም አንብበው እንደጨረሱ ገባኝ። አፌን ከፈትኩ፤ የተናገሩት ግን እሳቸው ናቸው።

«አሮጌው ጠፍቶብኝ ነው። እኔ ነኝ የተካሁት።»

«እና እሳቱ ውስጥ የተገኘው የእርስዎ ነው ማለት ነው?»

ጆሯቸው ቀላ። መዋሸት አልለመዱም። «እንደዚያ ማለት ከሆነ፣ ነው» አሉ።

መርማሪው ጋሼን ያውቃቸዋል፤ የእጅ ሰዓቱን የጠገኑለት እሳቸው ናቸው። ቢሆንም ወረቀቱን አወጣ። እኔም ምንም ሳልተነፍስ ባዶ ቅርጫቴን ይዤ ወጣሁ። ይህን ዓረፍተ ነገር ሦስት ጊዜ ልሰርዘው ፈልጌ ተውኩት።

ሰኞ 18

ከተማው በአንድ ሌሊት ተለወጠ። የገበያው ግድግዳ ላይ በቀይ ቀለም «ጋሼ በእሳት ተናገሩ» ተጽፏል። የፖስታ ቤቱ አጥር ላይም፣ የትምህርት ቤታችን በር ላይም። ችኩሎቹ በየካፌው «ሽማግሌውም መጨረሻ ላይ ገባቸው» ይላሉ። ከአርባዎቹ አስተባባሪዎች አሥራ አንዱ ወደ እነሱ ገቡ። አንዱ መንገድ ላይ አቁሞኝ «እሳቸው ካቃጠሉ እኔ ምን ሆኜ እለምናለሁ?» አለኝ። መልስ አልነበረኝም። ነበረኝ፤ አልሰጠሁትም።

ማታ የጋሼ ባለቤት መጡ። የጋሼን የደም ግፊት መድኃኒት ማን እንደሚያስገባላቸው ሊጠይቁኝ ነው። ሊወጡ ሲሉ በሩ ላይ ቆመው «አርባ ዓመት አብሬው ስኖር ሸሚዙ የት እንደሚቀመጥ ጠይቆኝ ነው የሚለብሰው። ጨርቅ የሚተካው መቼ ተምሮ ነው?» አሉ። እኔ ደግሞ «ይገርማል» አልኩ። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ።

ረቡዕ 20

ሬዲዮው ተናገረ። ማዕከሉ መንግሥት «የሕዝቡን ቅሬታ የሚሰሙ» ልዑካን ሊልክ ነው። በሃያ ዓመት የመጀመሪያው። ዜናውን ስሰማ ደስ አለኝ። ማንም የማያነበው ደብተር ስለሆነ ነው የምጽፈው፤ ከልቤ ደስ አለኝ።

ግሪስ እኔን ሊጠብቅ በረንዳው ላይ ቁጭ ብሎ ነበር። «አርባ ሦስት ደብዳቤ፣ ሃያ ዓመት። አንድ እሳት፣ አሥር ቀን። አንቺ ሒሳብ ታስተምሪያለሽ፤ አስልተሽ ንገሪኝ» አለኝ።

እውነቱን ነው። ይህ ነው የሚያንገበግበኝ። ጋሼ እዚህ ቢኖሩ መልስ ያገኙለት ነበር፤ በእሳት የተጠራ እንግዳ በእሳት ነው የሚሄደው፣ ወይም እንደዚያ ያለ ነገር። እኔ ያገኘሁት አንድ ብቻ ነው። «ዘበኛውስ?» አልኩት።

ፊቱ ጠቆረ። «ምሳ ሰዓት ነበር። ማንም አይኖርም ነበር» አለ። ከዚያ ተነስቶ ሄደ።

እንዴት እንዳወቀ አልጠየቅኩትም።

ቅዳሜ 23

ጋሼን አየኋቸው። በሽቦ ማዶ፣ አሥር ደቂቃ። ከስተዋል። ቀበቶአቸውን ስለወሰዱባቸው ሱሪያቸውን በአንድ እጃቸው ይዘው ነው የቆሙት።

በመጀመሪያ የጠየቁኝ ስለ ዘበኛው ነው። ሄጄ አላየሁትም። አፈርኩ። ከዚያ ቀለዱ፤ ክፍሉ ውስጥ ያሉት እስረኞች ጉምሩክ ያቃጠለ ሽማግሌ ብለው ፍራሽ ለቀውላቸዋል፣ ሃያ ዓመት ለሰላም ሲለፉ ግን አውቶቡስ ላይ እንኳ ወንበር የለቀቀላቸው የለም። ሳቅኩ። ከዚያ አለቀስኩ።

«ጋሼ፣ ለምን?»

«አፌ ቀደመኝ። አንቺን ሳይሽ አፌ ቀደመኝ። ጀግንነት አይደለም ልጄ። አንዴ ዋሸሁ፤ አሁን እንዴት እንደሚመለሱ አላውቅበትም።»

ተናገሪ አላሉኝም። አትናገሪም አላሉኝም። አንድ ነገር ብቻ ለመኑኝ። ስሜ ግድግዳ ላይ ተጽፏል አሉኝ፣ እሱን አጥፊልኝ አሉ።

ጠበቃው ከአሥር ዓመት አያንስም ብሏል። ጋሼ ስልሳ ስምንት ዓመታቸው ነው።

እሁድ 24

ባልዲ፣ ኖራ፣ የግድግዳ ብሩሽ። የፖስታ ቤቱን አጥር ጨረስኩ። ገበያው ጋ «ጋሼ» የሚለውን እንደሸፈንኩ አምስት ስድስት ወጣቶች ከበቡኝ። አንዷን አስተምሬያታለሁ። «ቲቸር፣ የጋሼን ስም ነው የምታጠፊው?» አለችኝ። ራሳቸው ለምነውኝ ነው ብላትም አላመነችኝም። አንዱ ባልዲውን በእግሩ ገለበጠው። አልመቱኝም፣ አልሰደቡኝም። ልጅቷ ጫማዬ ላይ የፈሰሰውን ኖራ በመሐረቧ ጠረገችልኝና ሄደች። ከመሰደብ የባሰ ነው።

አሁን ግድግዳው ላይ «በእሳት ተናገሩ» የሚለው ብቻ ቀርቷል።

ማክሰኞ 26

ሆስፒታል ሄድኩ። መጨረሻ ላይ።

ዘበኛው ከእኔ በአምስት ዓመት ቢበልጥ ነው። ሁለት እጁ ትራስ ላይ ተዘርግቷል፣ አንድ ዓይኑ ተሸፍኗል። ከማኅበሩ ነኝ ስለው አልተቆጣም። «እኔም እኮ ፈርሜያለሁ። ድምፅ ይሰጥ ብዬ ፈርሜያለሁ» አለኝ። እሁድ ምሳ ሰዓት ቤቱ ሄዶ ይበላ ነበር፤ ያን ቀን ግን ሚስቱ ሰልፍ ልትወጣ ስለሆነ ምሳውን ጠዋት ሰጥታው፣ በልቶ እዚያው ጋደም ብሎ ነበር።

ከዚያ የነገረኝን ቃል በቃል ልጻፈው።

«ስጮህ ተመልሶ ገባ። ያቃጠለው ራሱ ነው ጎትቶ ያወጣኝ። ፊቱን አላየሁትም፣ ጨርቁን ነው ያየሁት፤ ክንዱ ላይ ይነድ ነበር። ቀኝ እጁ ነው። አልቅሶ ሮጠ። አሁን ልርገመው ወይስ ልመርቀው አላውቅም። ሽማግሌ አልነበረም ብዬ ለፖሊሱ ነግሬዋለሁ፤ ዓይንህ ተቃጥሎ ምን ታያለህ ይሉኛል። ማን እንደሆነ ግን ማወቅ እፈልጋለሁ። ጣቶቼ አይታጠፉም። በማን እጅ እንደሆነ ማወቅ አይገባኝም?»

ይገባሃል አልኩት። ውኃ በጠርሙስ ክዳን እየጠባጠብኩ አጠጣሁት።

ቀኝ እጁ። ክንዱ ላይ ይነድ ነበር። የባትሪ አሲድ ብዬ እዚህ ደብተር ላይ የጻፍኩት እኔ ነኝ። አምኜው አያውቅም። አንድም ቀን።

ረቡዕ 27

ጋራዥ ሄድኩ። መኪና ሥር ተኝቶ በአንድ እጁ ብሎን ይፈታል። ጫማዬን አይቶ አወቀኝ። ቁጭ ብዬ፣ ለጎማው እንደምናገር ሁሉ፣ ዓርብ ጠዋት ጣቢያ እንደምገባ ነገርኩት። አርባ ስምንት ሰዓት አለህ አልኩት።

ተንሸራቶ ወጣ። «ከፖሊሱ በፊት ለእኔ ማሳወቅሽ ራሱ እድገት ነው፣ ቲቸር» አለ። ማናችንም አልሳቅንም።

አብሬህ እገባለሁ አልኩት። እምቢ አለ። እስር ፈርቶ አይደለም፣ ወይም እስር ብቻ ፈርቶ አይደለም። አቃጣዩ ከማመልከቻዎቹ ዝርዝር ውስጥ ነው ከተባለ ልዑካኑ አይመጡም፣ ሰላማዊ የሚባል የለም ብለው በሩን ይዘጋሉ አለኝ። ይህም እውነት ሊሆን ይችላል። ከእሱ ጋር ስከራከር የሚያስቸግረኝ ይሄ ነው፤ ግማሹ ሁልጊዜ እውነት ነው።

«ተመልሼ ገባሁ እኮ» አለኝ ቀስ ብሎ። «ድምፁን ስሰማ ተመልሼ ገባሁ። ይሄ ከዝርዝራችሁ ውስጥ የትኛው ላይ ይጻፋል?»

«እጽፈዋለሁ» አልኩት። «እሱንም እጽፈዋለሁ።»

የመኪና ግሪስ በነካው ግራ እጁ ጉንጬን ነካ። ቤት ደርሼ መስታወት ሳይ ጥቁር አሻራ አለበት። እማዬ አይታዋለች፣ አልጠየቀችኝም።

ዓርብ 29

ሄደ። ጎህ ሳይቀድ እማዬን ስሞ፣ በጭነት መኪና፣ ወደ ድንበሩ። እኔን አልቀሰቀሰኝም። ነቅቼ ነበር።

ጣቢያ አልገባሁም። ልብሴን ለብሼ፣ ወረቀቱን ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ፣ በሩ ጋ ስደርስ እማዬ አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ ብላ አየችኝ። የእናት ሆድ ዥንጉርጉር ነው እያለች ስትቀልድ ነው ያሳደገችን፤ አንዱ ጭምት፣ አንዱ እሳት። ዛሬ አልቀለደችም።

«ሁሉንም አውቃለሁ» አለች። «የሰው ሽማግሌ በእኛ ምክንያት ይታሰር አልልሽም። ግን ከተናገርሽ፣ እኔ በሕይወት እያለሁ ልጄ ይሄን በር አይረግጠውም። ሁለት ቀን ስጪኝ። ላስብበት።»

ሰጠኋት። ጋሼ ሁለት ቀን ተጨማሪ ሱሪያቸውን ይዘው ይቆማሉ።

ቅዳሜ 30

እማዬ ዛሬ ነጠላ ጫማዋን ትታ ጥሩ ጫማዋን አድርጋ ብቻዋን ወጣች። ከሰዓት ተመለሰች። የት ነበርሽ ስላት «አየር ልቀበል» አለች። ራት በደንብ በላች። ከእሳቱ ወዲህ የመጀመሪያዋ ነው።

ሰኞ 2፣ ጣቢያ

ደብተሬን አልወሰዱብኝም። ተረኛዋ ፖሊስ «ጻፊ፣ ጊዜው ይሄድልሻል» አለችኝ። ኮሪደሩ ላይ አግዳሚ ወንበር ላይ ነኝ።

ወረቀቱን ማረሚያ ብዬ ነው የጻፍኩት፣ በሦስት ቅጂ። ተራ ቁጥር አርባ ላይ ያለው ሰው ቦታው ላይ አልነበረም። ራይቱን ያደረግኩት እኔ ነኝ። ጨርቁን የሰፋሁት እኔ ነኝ። ሊቀመንበሩ ሁለቱንም አያውቁም ነበር። ዘበኛውን ከእሳት ያወጣው ያቃጠለው ሰው ራሱ ነው። ሳልቀመጥ መርማሪው «አንቺም ስለ ጨርቁ ነው?» አለኝ።

ምን ማለቱ እንደሆነ አልገባኝም። ነገረኝ። ቅዳሜ እማዬ መጥታ ነበር። ጨርቁ ከሰልፉ ሁለት ሳምንት በፊት ከሽቦ ላይ ነፋስ ወስዶባት፣ ልጄ እንዳትቆጣኝ ብላ ራሷ ሰፍታ እንደተካችው ቃል ሰጥታለች። ሊቀመንበሩ ይህን ሳያውቁ፣ ጸሐፊዋ እንዳትጠየቅ ብለው በራሳቸው ላይ ወሰዱት ብላለች።

«የእናትሽ ቃል ከጸና ሰዓት ሠሪው ዛሬ ከሰዓት ቤታቸው ይገባሉ» አለ። «ወድቆ የተገኘ ጨርቅ ማንም ሊያስረው ይችላል። ማንን ብዬ እፈልጋለሁ?» እስክሪብቶውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ። «አሁን አንቺ ምን ልትነግሪኝ ነው የመጣሽው?»

ጥሩ ውሸት ነው። ከእኔም ከጋሼም ይሻላል። ሁሉም ሰው ቤቱ ይገባበታል። ጋሼ ይፈታሉ፣ ልዑካኑ ይመጣሉ፣ ነገሩ ሲበርድ ግሪስ አንድ ቀን በሩን አንኳኩቶ ይገባል፣ እማዬ ትከፍትለታለች። የሚያስፈልገው እኔ «ስለ ጋሼ መድኃኒት ልጠይቅ ነው» ብዬ መውጣቴ ብቻ ነው። አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ትራሱ ላይ የተዘረጉት የዘበኛው ሁለት እጆች ብቻ ናቸው በዚህ ውሸት ቤታቸው የማይገቡት። ይገባሃል ብዬዋለሁ። አጠገቡ ተቀምጬ፣ ውኃ እያጠጣሁት፣ ይገባሃል ብዬዋለሁ።

«እናቴ መርፌ ላይ ክር ማስገባት ካቆመች ስድስት ዓመቷ ነው» አልኩት። «ዓይኗ አያይላትም። የማስገባላት እኔ ነኝ።»

ወረቀቱን ሰጠሁት። ሁለት ጊዜ አነበበው። ተራ ቁጥር አርባ ማን እንደሆነ ዝርዝሩን ማየት ይችል ነበር፤ ከአፌ እንዲወጣ ፈለገ። የወንድሜን ስም ተናገርኩ። የአባት አለ፣ የአባታችንን። የአያት አለ፣ የአያታችንን። ከሥሩ የእኔን ሲመዘግብ የለወጠው የመጀመሪያውን ስም ብቻ ነው።

የእማዬን ቃል ከመዝገቡ ውስጥ አውጥቶ መሳቢያው ውስጥ ከተተው። ምን እንደሚያደርገው አልነገረኝም፣ አልጠየቅኩትም። ጋሼ ዛሬ ይለቀቃሉ። እኔ እዚህ እቆያለሁ፤ ስንት ቀን እንደሆነ አላውቅም።

ተረኛዋ ፖሊስ አሁን መጥታ እናትሽ በር ላይ ናት አለችኝ። ሽማግሌው ሲፈቱ ላያቸው ነው ብላ ለሁለት ሰው የሚሆን ምሳ ይዛለች። ጥሩ ጫማዋን አድርጋለች። ከጥበቃዎቹ ጋር እየተጫወተች ነው አሉ፣ እያሳቀቻቸው ነው። ምን እንደተናገርኩ ገና አልነገሯትም።